ሁለት ሳጥን፣ አንድ ማንኪያ

መጀመሪያ የሰማሁት ፍቅፍቅታውን ነው። በሩን ሳልከፍት፣ ቁልፉ ገና እጄ ላይ እያለ። ደረቅ ጆንያ በጥፍር ሲፋቅ የሚሰማው ዓይነት ድምፅ፤ ፍቅ፣ ፍቅ፣ ፍቅ። ቆም ይልና እንደገና ይጀምራል። ሳጥን ሲናደድ እንዲህ ነው የሚጮኸው። የሚናደደው እርግጥ ባለቤቱ ነው፤ ሳጥን ቤት የሚውል ሰው ግን «ዛሬ ስምንት ቁጥር ተናዷል» ብሎ ነው የሚያወራው።

ጆሮዬን በሩ ላይ ለጠፍኩ። ድምፁ የሚመጣው ከግራ፣ የወንድሜ ሳጥን ካለበት ነው። ይሄ አልገረመኝም። የገረመኝ ሁለተኛው ነው። ከቀኝ በኩል፣ ከላይኛው መደርደሪያ፣ ሌላ ሳጥን ይፋቃል። አንዱ ሲጀምር ይጀምራል፣ አንዱ ዝም ሲል ዝም ይላል። አንድ ሰው በሁለት እጁ እያከከ ነው የሚመስለው።

የቀኙ ሳጥን የካቦው፣ የአለቃችን፣ ነበር። 

ሳጥን ቤቱ ሞቃትና እርጥብ ነው፤ ዝናብ ያገኘው እንጨት ይሸታል። ሠላሳ አንድ ሳጥኖች አሉ። እያንዳንዱ በእርጥብ ሰጋቱራና በፉርሽካ የተሞላ ነው፤ ከላዩ ነጭ የእንጉዳይ ክር ለብሷል። ክሩን ሽበት እንለዋለን። የዘሩን ቅንጣት ከሰው ጆሮ ጀርባ፣ ቆዳ ሥር ይሰፉታል፤ በአርባ ቀኑ ሥር ይሰዳል። ከዚያ ወዲያ ሰውየውና ሳጥኑ አንድ ናቸው። ሰውየው ግድግዳ ፊት ቆሞ በሙሉ ልቡ «ውደቅ» ካለ ግድግዳው ይወድቃል። ድርጅቱ ወረቀት ላይ «የርቀት ጉልበት» ይለዋል። እኛ ድግምት ነው የምንለው፤ እንዴት እንደሚሠራ የሚያውቅ ሰው እስከ ዛሬ አልገጠመኝም። ሥራችን አሮጌ ሕንፃ ማፍረስ ነው። ሃያ ሰው በመዶሻ ወር የሚፈጅበትን አራት ሽበታም ከቁርስ እስከ ምሳ ይጨርሱታል።

እኔ ሽበት የለኝም። ሁለት ጊዜ ሰፍተውልኛል፣ ሁለቱንም ጊዜ ቁስሉ መግል ይዞ ተፋው። «ጭንቅላትህ እንግዳ አይወድም» አለኝ ሐኪሙ እየሳቀ። ስለዚህ ሳጥን ጠባቂ ሆንኩ። ውሃ እረጫለሁ፣ ሻጋታ እጠርጋለሁ፣ ሙቀቱን አያለሁ። የቀረውን ጊዜ መርጫውን ይዤ መደርደሪያው መሀል እቆምና ሠላሳ አንዱ ሰው በዚህ ሰዓት ምን እያሰበ እንደሆነ እገምታለሁ።

የሥራው ሕግ አንድ ነው። እያንዳንዱ ሳጥን የራሱ ማንኪያ አለው፣ ጎኑ ላይ በሲባጎ ታስሮ የተንጠለጠለ። የአንዱ ማንኪያ ሌላው ሳጥን ውስጥ አይገባም። ከአንዱ ሽበት ቅንጣት እንኳ ወደ ሌላው ካለፈች ትበቅላለች፤ ከበቀለች ሁለት ራስ በአንድ ሥር ይሆናሉ። አንዱ ዓይኑን ጨፍኖ የሌላውን ትዝታ ያያል፣ አንዱ ሲመታ ሌላው ይደማል፣ አንዱ ሲሞት ሌላው ይከተላል። እኛ ዘንድ እናት ከመስደብ የሚከፋው «ማንኪያ ያደባለቀ» የሚለው ስድብ ነው። እኔን ራሴን «ማንኪያ» ብለው የሚጠሩኝ ለዚህ ነው፤ ግማሹ ፍቅር፣ ግማሹ ማስጠንቀቂያ።

ከአሥራ አንድ ቀን በፊት አደባልቄ ነበር።

እህታችን ከሞተች ሃያ ሦስት ቀን ሆኗል። በታላቅ ወንድሜ በጋሼና በእኔ መሀል የተወለደች፣ ቁመቷ ትከሻዬ ጋ የማይደርስ፣ አገር ምድሩ «ሚጢጢ» የሚላት። ሥራዋ መስማት ነበር። ሕንፃው ሳይፈርስ ውስጡ ገብታ ግድግዳውን በመዳፏ እየዳበሰች የትኛው ክብደት እንደተሸከመ፣ የትኛው ለጌጥ እንደቆመ ትለያለች። እሷ ወጥታ «ይሄኛውን» ካላለች ማንም እጁን አያነሳም።

የምንሠራበት ሁሉ አብሮን የሚሄድ የቁጥር ሰሌዳ አለ። የገባ ሰው የነሐስ ቁጥሩን ሚስማሩ ላይ ይሰቅላል፣ የወጣ ያወርዳል። ካቦው «ጣሉት» ከማለቱ በፊት የተሰቀለውን ቁጥር አንድ በአንድ ይጠራል፤ ሁሉም «አቤት» ሲል ብቻ ግድግዳው ይወድቃል። ሰሌዳውን የሚሰቅሉት ረጃጅም ሰዎች ናቸው፣ ስለዚህ ሚጢጢ ተንጠራርታም አትደርስበትም ነበር። ጋሼ ነው የሚሰቅልላት፣ ከራሱ ቁጥር አጠገብ። ሲወጡም በአንድ እጁ ሁለቱንም ጠራርጎ ያወርዳቸዋል፣ ወሬውን ሳያቋርጥ፣ ዓይኑን እንኳ ሳያነሳ። ሬዲዮ፣ አፉ የማይዘጋው የሥራ ጓደኛችን፣ «የእነዚህ ቁጥር ቁርባን ቆርቧል» እያለ ይቀልድባቸው ነበር።

የዚያን ቀን ጋሼ ቁጥሩን አውርዶ፣ የተሰበረ የመሰርሰሪያ ጫፍ ሊያስቀይር ወደ መጋዘን ሄዶ ነበር። ሲመለስ ቁጥሩን ሰቅሎ ነው የገባው፤ አቧራው ገና አልሰከነም። የምሥራቁ ግድግዳ ወርዷል፣ ሚጢጢም ከሥሩ ናት። ሁለት ቀን ቆፈርን። ስናገኛት የቀኝ መዳፏ ግድግዳው ላይ ተዘርግቶ ነበር፣ እስከ መጨረሻው እየሰማች። ፊቷን እማዬ እንዳታይ ጋሼ በራሱ ሸሚዝ ሸፈናት።

ቁጥሯ ሰሌዳው ላይ ተንጠልጥሏል። ጋሼ አየው፣ ሁላችንም አየነው። ካቦውን ቢሮ ጠርተው ሲጠይቁት «ስጠራ ሰሌዳው ላይ አልነበረችም» አለ። ከዚያ ሌላ ቃል አልወጣውም። ከሥራ አገዱት፣ አልተከራከረም። ለቅሶ ላይ መጥቶ ጥግ ተቀመጠ፤ ጋሼ ወንበሩን ከሥሩ ሳይነካ ሰበረበት። ካቦው ከወለሉ ተነስቶ ልብሱን አራገፈና ቆሞ አመሸ።

ከዚያ በኋላ ጋሼ መብላት አቆመ። ሳጥኑም በረንዳ ላይ እንደተረሳ ዳቦ አረንጓዴ ሻጋታ አወጣ። ሳጥን ከሞተ ሰውየው አይሞትም፤ ባዶ ይሆናል። የግቢያችን ዘበኛ እንደዚያ ነው። ድሮ ከሁሉም የሚበልጥ አፍራሽ ነበር ይላሉ። አሁን በሩ ላይ ተቀምጦ የገባውን ሁሉ «የማን ልጅ ነህ?» ብሎ ይጠይቃል፤ ስትወጣም መልሶ ይጠይቅሃል።

ወንድሜ እንደዚያ ሆኖ በር ላይ ሲቀመጥ ታየኝ። እማዬ እህል ይዛለት መጥታ «የማን ልጅ ነሽ?» ሲላት ታየኝ። የሌሎቹ ሽበት ገና ለጋ ነው፣ ሻጋታ አይችልም። ሻጋታ የሚበላው የካቦው ብቻ ነው፣ ሃያ ዓመት የከረመ። በካቦው ማንኪያ፣ ከካቦው ሳጥን፣ መዳፍ የሚያህል ቆረስኩና በጋሼ ሳጥን ውስጥ ቀበርኩት። በሁለት ቀን አረንጓዴው ጠፋ። በሦስተኛው ቀን ጋሼ ሁለት ሳህን በላ፤ እማዬ ወጥ ቤት ገብታ አለቀሰች። እኔም አፌን ዘጋሁ።

ቁራሹ አልያዘም፣ ሻጋታውን በልቶ ሞቷል ብዬ ራሴን አታልል ነበር። አሁን ሁለቱ ሳጥኖች እኩል ሲፋቁ ሰማሁ። ይዟል።

ያን ቀን ደግሞ የካቦው እገዳ ያበቃል።

ጋሼን ልብስ መቀየሪያው ውስጥ አገኘሁት። አግዳሚው ላይ ተቀምጦ የጫማውን ክር ያስራል፣ ቀስ ብሎ፣ ለሠርግ እንደሚሄድ ሰው። ሬዲዮ አጠገቡ ቱታውን እየለበሰ ነው።

«ማንኪያ መጣ» አለ ሬዲዮ። «ምነው፣ ሳጥን አባረረህ እንዴ? ፊትህ ፉርሽካ መስሏል።»

«ጋሼ፣ አንዴ ላናግርህ።»

«ተናገር።»

ሬዲዮን አየሁት። «እሺ፣ እኔ ልውጣ» አለ ሬዲዮ፤ «ሬዲዮ ሲዘጋም ይሰማል እኮ፣ ትዝ ይበላችሁ» ብሎ ወጣ።

«ዛሬ ካቦውን እንዳትነካው» አልኩት።

«ማን ነግሮህ?»

«ሳጥንህ።»

ፈገግ አለ። ሚጢጢ ከሞተች ወዲህ ፈገግ ሲል የመጀመሪያው ነበር፤ አላማረበትም። «ሳጥኔ ወሬኛ ነው።»

«ጋሼ፣ ማንኪያ አደባልቄአለሁ። የእሱን ከአንተ ጋር። እየሞትክ ነበር፣ ምን ላድርግ።»

በጥፊ መታኝ። በእጁ ነው፣ በድግምት አይደለም። ጀርባዬ ቁም ሳጥኑን መታው፣ አፌ ደም ደም አለኝ። ከዚያ ተመልሶ ተቀመጠና የግራ ጫማውን ክር ያዘ።

«ስንት ቀን ሆነው?»

«አሥራ አንድ።»

«እንግዲያ እሱን ስመታ የምመታው ራሴን ነው በለኛ።»

«ከገደልከው ትሞታለህ። እማዬ ሁለተኛ ሬሳ አትችልም፣ ጋሼ። እኔም አልችልም።»

ክሩን ጠበቅ አድርጎ ቋጠረው። «ጥሩ ነው» አለ። «ማን ቀድሞ እንደሚጮህ እናያለን።»

እግሩ ላይ ተጠመጠምኩ። አፍሬ ይሄን ሳልናገር ልተወው አስቤ ነበር፣ ግን እውነት ነው፣ እንደ ሕፃን ተጠመጠምኩበት። ጣቶቼን አንድ በአንድ ፈልቅቆ ወጣ።

ካቦው በዚያ ሰዓት ከበሩ እየገባ ነበር። ስድሳ የሞላው፣ ትከሻው የሰፋ፣ ከጆሮው ጀርባ የስፌቱ ጠባሳ አውራ ጣት የሚያህል ሰው ነው። ዘበኛው «የማን ልጅ ነህ?» አለው። «የአናጢው ልጅ ነኝ አባባ» አለ፤ ሃያ ዓመት ሙሉ ጠዋት ጠዋት እንደመለሰለት። በሩ አጠገብ የቆመው ሰሌዳ ላይ ቁጥሩን ሰቀለ። ከቁጥሩ በላይ ያለውን አላየም። የሚጢጢን ቁጥር የሚያወርድ ሰው ስላልተገኘ እስከዚያ ቀን ከጋሼ ቁጥር አጠገብ እንደተንጠለጠለ ነበር።

ጋሼ ግቢው መሀል፣ ካፈረስናቸው ቤቶች ካመጣነው ጡብና ፌሮ ክምር ፊት ቆሟል።

«አንተ» አለው።

ጋሼ ካቦውን «አንተ» ብሎት አያውቅም። በግቢው ያለው ሰው ሁሉ ሥራውን ጣለ።

«ለምን አልጠራሃትም?»

«ስጠራ አልነበረችም ብያለሁ።»

«ሰሌዳው ላይ ነበረች። በዓይኔ አይቻለሁ።»

ካቦው ዓይኑን ወደ ጠጠሩ ጣለ። «እንግዲህ ካየህ አየህ» አለ።

የካቦው ትንሿ ጣት ወደ ኋላ ታጠፈች። ድምፁ እርሳስ ሲሰበር እንደሚሰማው ነው። ወዲያው የጋሼም ትንሿ ጣት፣ በዚያው እጅ፣ በዚያው በኩል ታጠፈች።

«ኧረ ጉድ» አለ ሬዲዮ፤ «ሰውየው የራሱን ጣት መታ።» ጥቂት ሰው ሳቀ።

ሁለተኛው ጣት ተሰበረ። ሦስተኛው። የሚስቅ ጠፋ። ካቦው እጁን ወደ ደረቱ ሰብስቦ ወደ ኋላ ሲሸሽ ከጡቡ ክምር አምስት ስድስት ጡብ በድግምት አንስቶ ጋሼ ላይ ወረወረ። የመጨረሻው የጋሼን ትከሻ መታ፤ ሁለቱም ትከሻቸውን ይዘው በአንድ ጊዜ በጉልበታቸው ወደቁ። አንዱ ስቶ የሬዲዮን አፍንጫ አገኘው። የቢሮው መስኮት አንድ በአንድ መርገፍ ጀመረ። ጣሪያው ላይ የነበሩት ርግቦች ሊበሩ ተነሱና እንደ እርጥብ ጨርቅ ግቢው ላይ ወደቁ።

ጋሼ ተነሳ። የካቦውን መንጋጋ መታው። መንጋጋው ከቦታው ወጥቶ አንድ ጥርስ ከነሥሩ ጠጠሩ ላይ ተንከባለለ። ጋሼም ደም ተፋ፤ በምላሱ ጥርሱን ፈለገና ቀጠለ። ጎድን አጥንት። ከዚያ ደግሞ ጎድን አጥንት። ሲመታ ያቃስታል፣ የሚመታው ሰውም ያቃስታል፣ ከሁለቱ የትኛው እንዳቃሰተ መለየት አይቻልም።

ካቦው መሬት ላይ እንዳለ ዓይኑ በሰዎቹ መሀል ተንከራተተና እኔ ላይ አረፈ። ገባው። ሃያ ዓመት ከሽበት ጋር የኖረ ሰው ነው።

«ማንኪያ» አለኝ በተጣመመ አፉ። «ምን አደረግክ አንተ ልጅ።»

ሌላ ስድብ አልጨመረም። ወደ ጋሼ ዞረ። ቃላቱ በደም ታጥበው ነው የሚወጡት፤ ግን ቅርብ ስለነበርኩ ሰምቻለሁ።

«የፈለግከውን ስበር። አጥንት ነው። ወደ ውስጥ ግን አትግባ።»

«ምን ደብቀሃል?»

«አትግባ አልኩህ፣ ልጄ።»

«ልጄ አትበለኝ።»

ካቦው ከዚያ ወዲያ መልሶ አልመታም። ዓይኑን ጨፍኖ፣ ጥርሱን ነክሶ፣ በውስጥ በኩል በር ተደግፎ የሚገፋ ሰው መሰለ። ላቡ ከግንባሩ በደሙ ላይ ይወርዳል። ጋሼ ይህን ሲያይ ይባስ ጨከነ። ከክምሩ ሥር ያለውን ሶሌታ፣ ከወለል የተቆረጠ፣ ስምንት ሰው የማያንቀሳቅሰው የኮንክሪት ገበታ፣ ብድግ አደረገው። ፌሮው ከጠርዙ እንደ ጥፍር ወጥቷል። አንሳፍፎ አመጣና ከካቦው ደረት በላይ፣ ክንድ በማይሞላ ከፍታ ላይ አቆመው። ከዚያ እሱም ዓይኑን ጨፈነ።

ሊገባበት ነው። ያየውን አይቶ ሊጥልበት ነው። አንዱ ሲደቅቅ ሁለቱም ይደቅቃሉ።

ሮጥኩ።

ሳጥን ቤት ስገባ መተላለፊያው ተዘግቷል። ከግራ መደርደሪያ እስከ ቀኝ፣ ከጋሼ ሳጥን እስከ ካቦው፣ ሽበቱ በአየር ላይ ተያይዟል፤ የእጄን ክንድ የሚያህል ነጭ ገመድ፣ የሚተነፍስ። የቀሩት ሃያ ዘጠኝ ሳጥኖች ዝም ብለዋል። የጋሼ ሳጥን ጣውላ እየተሰነጠቀ ነው።

ያያዝኩትን እኔው መቁረጥ አለብኝ። ሽበት በሥራ ላይ እያለ አይቆረጥም፤ ደካማው ይሞታል ይባላል። ከሁለቱ ደካማው የትኛው እንደሆነ አላውቅም ነበር። ብጠብቅ ግን ሁለቱም ናቸው። የፉርሽካ ጆንያ የምቀድበትን ቢላ አነሳሁ።

መጀመሪያ ስቆርጥ ከግቢው ጩኸት መጣ። ሁለት ሰው በአንድ ድምፅ። ሽበቱ ቢላውን ለቆ አንጓዬ ላይ ተጠመጠመ፣ ክሩ እንደ መርፌ ቆዳዬን በስቶ ገባ። አላወጣሁትም። እውነቱን ልናገር፣ በዚያ ሰዓት እንኳ ጓጓሁ። ዕድሜ ልኬን ከውጭ ሆኜ የገመትኩትን አሁን አያለሁ ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ። ምንም አላየሁም። ቅዝቃዜ ብቻ፣ የኮንክሪት አቧራ ሽታም። ከዚያ ክንዴ አበጠና ክሩን ገፍቶ ተፋው።

ሁለተኛ ቆረጥኩ። ሁለተኛ ጮኹ። ሦስተኛውን ስመታ ገመዱ ተበጥሶ ግማሹ ወደ ግራ፣ ግማሹ ወደ ቀኝ ተወረወረ፤ ሁለቱም ሳጥኖች ዝም አሉ። ፍቅ የሚል የለም። ሁለቱም የሞቱ መሰለኝ።

ቢላዋን እንደያዝኩ ወጣሁ። ያየሁት ግን ያልጠበቅኩትን ነው። ሶሌታው ከካቦው ጎን፣ መሬት ላይ፣ እንደ ጠረጴዛ ተስተካክሎ ተቀምጧል። ካቦው ይተነፍሳል። ጋሼ አጠገቡ ተቀምጦ ይተነፍሳል። ከሁለቱም ጆሮ ጀርባ ደም ይወርዳል።

ሬዲዮ አፍንጫውን በቱታው እጅጌ ይዟል።

«ምን ሆነ?» አልኩት።

«እኔንጃ» አለ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። «አወረደው። ቀስ አድርጎ፣ የተኛ ሕፃን እንደሚያስቀምጥ ሰው። ከዚያ ቁጭ አለ። ከዚያ ነው ሁለቱም የጮኹት።»

«ካወረደው በኋላ?»

«ካወረደው በኋላ።»

ቢላዋን አየሁት። መሬት ላይ ጣልኩት።

ካቦው ያልተሰበረውን እጁን አንስቶ የጋሼን ጉልበት ያዘ። ሊናገር ፈለገ፣ መንጋጋው እምቢ አለው፤ ከጉሮሮው ብቻ የሆነ ድምፅ ወጣ። ጋሼ እጁን አላነሳበትም። ፊቱን እንኳ አላዞረም። ዓይኑ የሚያየው በሩን ነው፤ ከበሩ አጠገብ ያለውን።

«ጋሼ» አልኩት። ተንበረከኩ። «ምን አየህ?»

አየኝ። ያውቀኛል፤ ባዶ አልሆነም፤ ይሄን አይቼ ልቤ መለስ አለ። ዓይኑን ግን መልሶ ወደ በሩ ወሰደ።

«ምን አሳየህ? ንገረኝ እንጂ።»

ወደ ካቦው ዞርኩ። «ምን አሳዩት? እርስዎስ አይነግሩኝም?» ካቦው ራሱን ቀስ ብሎ ነቀነቀ። እንባው በደሙ ላይ መንገድ ሠርቶ ይወርድ ነበር። ይሄ ሰው ሃያ ሦስት ቀን ሙሉ ሲሰደብ፣ ሲገፋ፣ ወንበር ሲሰበርበት አንድ ጠብታ አላፈሰሰም።

ጋሼ ተነሳ። የተሰበረው ግራ እጁ ጎኑ ላይ ተንጠልጥሏል። ሰው መንገድ ለቀቀለት። እየተጎተተ በርግቦቹ መሀል አልፎ ሰሌዳው ጋ ደረሰ። ቀኝ እጁን ዘረጋና ቁጥሩን አወረደ፤ ዓይኑን ሳያነሳ፣ ጠራርጎ፣ በአንድ እጅ።

ሁለት ነሐስ ሲጋጭ ሰማሁ።

እጁን ከፍቶ አየው። መዳፉ ላይ ሁለት ቁጥር አለ፤ የእሱና የሚጢጢ። ያን ቀን ወደ መጋዘን ሲሄድም ያወረደው፣ ሲመለስም የሰቀለው በዚሁ እጁ ነበር። ከኋላዬ ካቦው ፊቱን ወደ ጠጠሩ አዙሮ ደፋው።

ጋሼ የሚጢጢን ቁጥር ሚስማሩ ላይ መልሶ ሰቀለው። ሦስት ጊዜ ሳተው፣ በአራተኛው ያዘለት። የራሱን እዚያው ሰሌዳው ሥር መሬት ላይ አስቀመጠው።

«የማን ልጅ ነህ?» አለው ዘበኛው።

ጋሼ አጠገቡ ቆመ፣ የሚመልስ መሰለኝ። የዘበኛውን ትከሻ ነካ አደረገውና ወጣ።

ተከትዬው ሮጥኩ። በሩ ላይ ስደርስ መንገዱን ተሻግሮ ነበር። ቤታችን በስተቀኝ ነው። እሱ ወደ ግራ ታጠፈ።